ሪቨርቡ የታለ? የሪቨርብ ፕለጊን ፋይሎችን መጫንና መያዝ

በስልክ ከሚደርሱኝ ጥያቄዎች የሚበዛው አንድ ነው። «ወንድሜ፣ ሪቨርቡን ጫንኩት፤ ግን የለም።» ሪቨርብ ማለት ድምፅ አዳራሽ ውስጥ ሲመላለስ የሚተወው ጭራ ነው፤ ያንን የሚሠራልን ፕለጊን ደግሞ መቅጃ ሶፍትዌር ውስጥ የሚገባ ተጨማሪ ፋይል ነው። ደዋዩ አንዳንዴ ኮምቦልቻ ነው፣ አንዳንዴ ሐይቅ፣ አንዳንዴም እዚሁ ደሴ ፒያሳ። ፋይሉ ላፕቶፑ ውስጥ አለ። ሶፍትዌሩ ግን አላየውም። ደዋዩ መልሶ ይጭነዋል። አሁንም የለም። ከዚያ ከጓደኛው ፍላሽ ላይ ሌላ ቅጂ ያመጣል፤ ችግሩም በቫይረስ ታጅቦ ይመለሳል።

ደሴ ውስጥ ትንሽ ስቱዲዮ አለችኝ። መንዙማ እቀዳለሁ፣ የሠርግ ዘፈን እቀዳለሁ፣ የሱቅ ማስታወቂያም አይቀረኝም። ሪቨርብ አልፈልግም ያለ ደንበኛ እስካሁን አልመጣም። ስሙን ግን «ኢኮ» ነው የሚሉት። «ትንሽ ኢኮ ጣል አድርግበት» ይላሉ። ጣል ሳደርግበት ደግሞ «ኧረ ጨምር!» ይከተላል። ስለዚህ ዛሬ ስለ እነዚህ ፋይሎች ልጻፍ። የት እንደሚቀመጡ፣ ለምን እንደሚጠፉ፣ የቱን እንደምታወርዱ። ወደ መጨረሻ ደግሞ የአንድን አዳራሽ ድምፅ ራሳችሁ ቀድታችሁ ፋይል ማድረግን እናያለን።

ፋይሉ ራሱ

ፕለጊን ብቻውን የሚነሳ ፕሮግራም አይደለም። ሁለቴ ብትጫኑት አይከፈትም። ኤፍኤል ስቱዲዮ፣ ኩቤዝ፣ ሪፐር ወይም ሌላ መቅጃ ሶፍትዌር ነው የሚጠራው። ዊንዶውስ ላይ የድሮው ዓይነት የፋይል ስሙ በዲኤልኤል ያልቃል፤ ቪኤስቲ2 የሚባለው እሱ ነው። አዲሱ በቪኤስቲ3 ያልቃል።

ቪኤስቲን፣ ማለትም ፕለጊንና መቅጃ ሶፍትዌር የሚግባቡበትን ደንብ፣ ያወጣው ስታይንበርግ የተባለው የጀርመን ኩባንያ ነው፣ እ.ኤ.አ. በ1996። ሦስተኛው ትውልድ በ2008 ወጣ። በ2018 ኩባንያው የቪኤስቲ2ን መሥሪያ ለአዳዲስ ሠሪዎች ማቅረብ አቆመ። ነገሩ ወዴት እያመራ እንደሆነ ከዚህ ይገባችኋል። አንድ ሪቨርብ በሁለቱም ዓይነት ከመጣላችሁ ቪኤስቲ3ን ውሰዱ።

ሌላም ምክንያት አለኝ። ቪኤስቲ3 ቋሚ አድራሻ አለው። ሲ ድራይቭ፣ ፕሮግራም ፋይልስ፣ ኮመን ፋይልስ፣ ቪኤስቲ3 የሚባል ፎልደር። በቃ። ቪኤስቲ3ን የሚቀበል መቅጃ ሶፍትዌር መጀመሪያ የሚያየው እዚያ ነው። ዲኤልኤሉ ግን አድራሻ የለውም። አንዱ ሠሪ ፕሮግራም ፋይልስ ውስጥ ቪኤስቲ ፕለጊንስ የሚል ፎልደር ይከፍትለታል። ሌላው ስታይንበርግ በሚል ፎልደር ሥር ያስገባዋል። ሌላው ደግሞ በራሱ ስም ፎልደር ይፈጥራል። ኢንስታለሩ «የት ላስቀምጠው?» ብሎ ይጠይቃል እኮ! እኛ ግን ሳናነብ «ኔክስት፣ ኔክስት፣ ፊኒሽ» ነን።

ስለዚህ ለዲኤልኤሎች አንድ ቤት ምረጡ። እኔ ጋ ፕሮግራም ፋይልስ ውስጥ ያለው ቪኤስቲ ፕለጊንስ ነው። ኢንስታለር በጠየቀ ቁጥር ወደዚያ አመላክተዋለሁ። ኢንስታለር የሌለው፣ በዚፕ የመጣ ፋይል ከሆነ መጀመሪያ ዚፑን አውጡት፣ ከዚያ በእጃችሁ ገልብጡት። ዚፑ ውስጥ ከዲኤልኤሉ ጎን ሌላ ፎልደር ካለ ሁለቱን አትለያዩ። ያ ፎልደር ብዙ ጊዜ ፕሪሴቶቹን (ተዘጋጅተው የመጡትን ቅንብሮች) ወይም ሪቨርቡ የሚጠቀምባቸውን የድምፅ ፋይሎች የያዘ ነው። ዲኤልኤሉን ብቻ ወስዳችሁ ያንን ብትተዉት መስኮቱ ይከፈታል፤ ድምፅ ግን አይሰጣችሁም።

አንድ ነገር ልጨምር። ፎልደሩን በአማርኛ ፊደል አትሰይሙት። አዳዲሶቹ ሶፍትዌሮች ግድ የላቸውም። የቆዩ ፕለጊኖች ግን የግዕዝ ፊደል ያለበትን መንገድ ማንበብ ይሳናቸዋል። የዊንዶውስ አካውንታችሁ ስም ራሱ በአማርኛ ከሆነና አንድ ፕለጊን ያለ ምክንያት አልከፈት ካለ እሱን ጠርጥሩ።

ለሶፍትዌሩ መንገር

ፋይሉ ቦታው ከገባ በኋላ ሶፍትዌሩ እንዲፈልገው ንገሩት። ኤፍኤል ስቱዲዮ ላይ ኦፕሽንስ ውስጥ ማኔጅ ፕለጊንስን ክፈቱ። የዲኤልኤል ፎልደራችሁን ዝርዝሩ ውስጥ ጨምሩ፤ ከዚያ ፋይንድ ኢንስቶልድ ፕለጊንስ የሚለውን ተጫኑ። ሪፐር ላይ ኦፕሽንስ፣ ፕሪፈረንስስ፣ ወደ ታች ወርዳችሁ ፕለግ ኢንስ ሥር ቪኤስቲ። ኩቤዝ ላይ ስቱዲዮ በሚለው ሜኑ ሥር የቪኤስቲ ፕለጊን ማናጀር አለ። ማክ ለያዛችሁ ደግሞ ላይብረሪ፣ ኦዲዮ፣ ፕለግ ኢንስ የሚለው ፎልደር ነው። ኮምፖነንትስ ውስጥ ያሉት ለሎጂክና ለጋራዥባንድ ናቸው።

እዚህ ላይ የኛ አገር ልዩ ችግር አለ፣ መብራት። ሶፍትዌሩ ፕለጊን እየቃኘ ሳለ መብራት ቢጠፋና የላፕቶፑ ባትሪ የሞተ ቢሆን፣ ስካኑ መሀል ላይ ይቆረጣል። በዚያች ቅጽበት ሲቃኝ የነበረው ፕለጊን «አልተሳካም» ተብሎ ሊመዘገብ ይችላል። ከዚያ በኋላ ሶፍትዌሩ ዞር ብሎም አያየውም። ፋይሉ ጤነኛ ነው፣ ቦታውም ልክ ነው፣ ግን ጥቁር መዝገብ ውስጥ ገብቷል። ከሚደውሉልኝ ሰዎች ስንቱ በዚህ እንደተጉላላ! ሪፐር ላይ ሪስካን የሚለውን ስትጫኑ ክሊር ካሽ ያለበትን ምረጡ፤ መዝገቡን አጥፍቶ ሁሉንም እንደ አዲስ ያያል። ኤፍኤል ላይም ስህተት ያለባቸውን ፕለጊኖች እንደገና እንዲያይ የሚያዝ ምርጫ አለ። ፕለጊናችሁ ብዙ ከሆነ ጊዜ ይወስዳል። ቡና ማፍያ ይሆናችኋል።

32 እና 64

ሌላው የመጥፋት ምክንያት ይሄ ነው። ዚስ ፒሲ የሚለው ላይ ቀኙን ተጭናችሁ ፕሮፐርቲስን ክፈቱ። ሲስተም ታይፕ የሚለው ጋ 64 ቢት ወይም 32 ቢት ይላል። አሁን ያለው ላፕቶፕ ከሞላ ጎደል 64 ነው። በፍላሽ ከእጅ ወደ እጅ ሲዞሩ የኖሩት የድሮ ሪቨርቦች ግን ብዙዎቹ 32 ናቸው።

64 ቢት የሆነ መቅጃ ሶፍትዌር 32 ቢት ዲኤልኤልን በቀጥታ መጫን አይችልም። መሀል ላይ አገናኝ ድልድይ ያስፈልገዋል። ኤፍኤልና ሪፐር የራሳቸው ድልድይ አላቸው። ኩቤዝ ግን እ.ኤ.አ. በ2016 በወጣው 9ኛው ቅጂ 32ን ጨርሶ ተሰናብቷል። ድልድዩ ይሠራል፤ አልፎ አልፎ ግን መስኮቱ ይደርቃል። ለአንድ የድሮ ሪቨርብ ፍቅር ተብሎ ይሄን ሁሉ መሸከም አይታየኝም። በነጻ የሚገኝ 64 ቢት ሞልቷል።

የግድ 32ቱን ከያዛችሁ ለየብቻ አስቀምጧቸው፤ ፕሮግራም ፋይልስ ኤክስ86 በሚለው ሥር። የአንድ ፕለጊን 32 እና 64 ብዙ ጊዜ ስማቸው አንድ ነው። አንድ ፎልደር ውስጥ ካስገባችኋቸው የኋለኛው የፊተኛውን ይደመስሰዋል።

«ዲኤልኤል ጎድሏል» ሲላችሁ

ፕለጊኑ ተገኘ እንበል። ልትከፍቱት ስትሉ «ኤምኤስቪሲፒ140 የሚባል ዲኤልኤል አልተገኘም» ይላል። ወይም ቪሲራንታይም140። ይሄ የሪቨርቡ ፋይል አይደለም። ሪቨርቡ የተሠራበት የማይክሮሶፍት የጋራ ፋይል ነው።

አብዛኛው ሰው ስሙን ጎግል ላይ ይጽፍና «ዲኤልኤል በነጻ» ከሚል ገጽ አንዷን ፋይል አውርዶ ሲስተም32 ውስጥ ይጨምራል። እባካችሁ ይሄን አታድርጉ። የማን እንደሆነች የማታውቋትን ፋይል የዊንዶውሱ ልብ ውስጥ እያስገባችሁ ነው። ደግሞም አንዷ ስትሟላ ሌላዋ ጎደለች ይላችኋል። መድኃኒቱ ከማይክሮሶፍት ከራሱ የሚወርደው ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ሪዲስትሪቢዩታብል ነው። ነጻ ነው፣ መጠኑም ትንሽ ነው። ኤክስ64 የሚለውንም ኤክስ86 የሚለውንም ጫኑ፤ ሁለቱ አይጣሉም። ከዚያ ላፕቶፑን አጥፍታችሁ አብሩት።

ስለ ፍላሽም አንድ ቃል። እዚህ ከተማ ፋይል የሚዞረው በፍላሽና በቴሌግራም ነው። ፍላሹ ስትሰኩት ፎልደሮቹ ሁሉ ወደ ሾርትከት ተቀይረው ካገኛችሁ አንዱንም አትንኩ። ሾርትከቱን በተጫናችሁ ቁጥር ቫይረሱን እየቀሰቀሳችሁት ነው። በአንቲቫይረስ አጽዱት፤ የተደበቁትን ፎልደሮች እንዲያሳይ አድርጋችሁ የሚያስፈልጋችሁን አውጡ። ክራክ የተደረገ፣ ማለትም ሳይከፈልበት ቁልፉ የተሰበረ ፕለጊን ደግሞ «አንቲቫይረሱን አጥፉና ጫኑ» የሚል መመሪያ አብሮት ይመጣል። በር ከፍታችሁ ተኙ እንደማለት ነው። የደንበኛ ድምፅ ያለበት ኮምፒውተር ላይ ይሄ ቀልድ አይደለም። ሪቨርብ ላይ ደግሞ ምንም ምክንያት የለውም፤ ነጻዎቹ ይበቃሉና።

የትኛውን ላውርድ?

መጀመሪያ ያላችሁን እዩ። ኤፍኤል ፍሩቲ ሪቨርብ 2 እና ፍሩቲ ኮንቮልቨር አለው። ሪፐር ሪያቨርቤት እና ሪያቨርብ አለው። እነዚህ ከሶፍትዌሩ ጋር አብረው የመጡ ናቸው፤ አይጠፉም፣ ስካን አይፈልጉም።

ከዚያ ውጭ እኔ የምይዛቸው ጥቂት ናቸው። ድራጎንፍላይ ሪቨርብ ክፍት ምንጭ ነው፤ አዳራሽ፣ ክፍል፣ ፕሌት (የብረት ሳህን ድምፅ) እና የመጀመሪያ ነጸብራቅ ተብሎ በአራት ተከፍሎ ይመጣል። ኦሪልሪቨር ለዘፈን ድምፅ ጥሩ ነው፤ መስኮቱም ግልጽ ነው። ቫልሃላ ሱፐርማሲቭ እ.ኤ.አ. በ2020 በነጻ የወጣ ነው። ለሲንተሳይዘርና ለዋሽንት መግቢያ ደመና የመሰለ ነገር ይሰጣል። ለመንዙማ ግን አላስጠጋውም። አንድ ስንኝ ብታስገቡበት ቀጣዩን ስንኝ ይውጠዋል።

ፋይሎቹ ሁለት ዘር እንደሆኑ ማወቅ ይጠቅማል። አንዱ በስሌት የሚሠራ ነው። የቤል ላቦራቶሪው ማንፍሬድ ሽሮደር በ1960ዎቹ መጀመሪያ ያሳየው ዘዴ ነው መሠረቱ። ድምፁን በብዙ አጫጭር መዘግየቶች ውስጥ እያዞሩ መልሶ ማብዛት። እ.ኤ.አ. በ2000 ፍሪቨርብ የሚባል ኮድ ለሕዝብ ተለቀቀና ብዙ ነጻ ሪቨርቦች ከሱ ተወለዱ። ይሄ ዓይነት ፋይሉ ትንሽ ነው፣ ፕሮሰሰርም ብዙ አይበላም።

ሁለተኛው ኮንቮሉሽን ነው። ይሄኛው ፕለጊን ባዶ ቤት ነው። የአንድ ቦታ ድምፅ የተቀዳበት ኢምፐልስ የሚባል ዌቭ ፋይል ስትሰጡት ነው የሚሠራው። እ.ኤ.አ. በ1957 የወጣው የጀርመኑ ኢኤምቲ 140 ፕሌት ሪቨርብ ውስጡ የብረት ሳህን የተወጠረበት፣ ወደ 270 ኪሎ የሚመዝን ትልቅ ሣጥን ነበር። ዛሬ ድምፁ በአንድ ዌቭ ፋይል ይገባል። በነጻ ኢምፐልስ የምታገኙበት ጥሩ ቦታ የእንግሊዙ ዮርክ ዩኒቨርሲቲ ያዘጋጀው ኦፕን ኤር ነው። የአብያተ ክርስቲያናትና የአዳራሾች ቅጂ አለበት። የእያንዳንዱን ፈቃድ ግን አንብቡ፤ አንድ ዓይነት አይደለም።

አማርኛ ሲዘፈን

ፋይሉ ተጫነ፣ ታየ፣ ተከፈተ። አሁን አጠቃቀሙ። ሪቨርቡን ድምፁ ትራክ ላይ በቀጥታ አትጫኑት። ለብቻው ሴንድ ትራክ (ከሌሎች ትራኮች ድምፅ የሚላክለት ትራክ) ክፈቱለት፤ ዌቱን (ሪቨርቡን) ሙሉ፣ ድራዩን (ንጹሑን ድምፅ) ዜሮ አድርጉት። ከዚያ ከድምፁ የምትፈልጉትን ያህል ትልካላችሁ። አንድ ሪቨርብ ለድምፁም፣ ለክራሩም፣ ለማሲንቆውም ይሆናል። ላፕቶፑም አይታነቅም።

ከሪቨርቡ በፊት ኢኪው (ወፍራሙንና ቀጭኑን ድምፅ መቆጣጠሪያ) አድርጉ። ከ300 ኸርዝ በታች ያለውን ቁረጡ፤ ድቤና ከበሮ ካለ እስከ 500 ውጡ። ከላይም ከ8 እስከ 10 ሺህ ኸርዝ አካባቢ ዝጉት። የኛ ቋንቋ እዚህ ላይ የራሱ ጠባይ አለው። ቀ፣ ጠ፣ ጨ፣ ጰ ሲነገሩ ፍንዳታ አላቸው። ደማቅ ፕሌት ላይ እያንዳንዷ «ጠ» እንደ ጭብጨባ ትረጫለች። «ውጣ» የሚል ቃል ያለበት መስመር ወስዳችሁ ሞክሩት። ስና ሽም እንዲሁ ያፏጫሉ። ወደ ሪቨርቡ በሚሄደው መስመር ላይ ዲኤሰር (ፉጨቱን የሚቀንስ ፕለጊን) አስገቡና እንደገና ስሙት። ድምፁ እንዳለ ነው፣ ጭራው ግን ይለሰልሳል።

ፕሪ ዲሌይ ማለት ድምፁ ከወጣ በኋላ ሪቨርቡ እስኪጀምር ያለው ክፍተት ነው። ከ20 እስከ 40 ሚሊሰከንድ ስጡት፤ ቃሉ ይቀድማል፣ ጭራው ይከተላል። ከዘፈኑ ፍጥነት ጋር ማስማማት ከፈለጋችሁ 60 ሺህን ለቢፒኤሙ (በደቂቃ ለሚመታው ምት ብዛት) አካፍሉ። ፍጥነቱ 100 ከሆነ አንድ ምት 600 ሚሊሰከንድ ነው፤ የእሱ አንድ አሥራ ስድስተኛ 37.5 ይሆናል። እሱን ጻፉ።

አሁን ወደ ጭራው ርዝመት። ይሄን ማንም ሲናገር አልሰማሁም፤ እኔ ግን በቅኝት ነው የምወስነው። ዋናው ትዝታ (ሜጀሩ) ሰፋ ሰፋ ያሉ እርምጃዎች ነው ያሉት። አንዱ ኖታ ሳይጠፋ ሌላው ቢመጣ አይጣሉም። ሁለት ሰከንድ ተኩል ጭራ ብትሰጡት ደስ ይለዋል። አምባሰል ግን ከመነሻው ቀጥሎ የግማሽ ድምፅ እርምጃ አለው። አንቺ ሆዬም ሁለት ቦታ እንዲህ ያለ ጠባብ እርምጃ አለበት። የመጀመሪያው ኖታ ጭራ ላይ ሁለተኛው ሲደርስ ይፋጫሉ። ዘፋኙ ጉሮሮውን እያዞረ ሲወርድ ደግሞ ሁሉም ይቦካል። ስለዚህ ለአምባሰል ከአንድ ሰከንድ ተኩል አልበልጥም። ደንበኛው «ኢኮ አነሰ» ካለኝ ርዝመቱን አልነካም፤ መጠኑን ትንሽ ከፍ አደርግለታለሁ። ደስ ብሎት ይሄዳል።

መንዙማ ላይ ነገሩ ከዚህም ይጠብቃል። የሚቀዱልኝ አንድ ሸህ አሉ። ሄድፎኑን ካደረጉ በኋላ መጀመሪያ የሚሰሙት ቃሉን ነው። «ልጄ፣ ዜማው ይቆየኝ፤ ቃሉ ይሰማል?» ይሉኛል። እኔም «ሸሁ፣ አንዴ ደግመው ይስሙት» ብዬ ሪቨርቡን ዝቅ አደርጋለሁ። ተቀባዮቹ ላይ ግን ሰፊ አዳራሽ እለቃለሁ። መሪው ከፊት፣ ተቀባዩ ከኋላ ይሆናል።

ሲያልቅ በሞኖ (ግራና ቀኙን አንድ አድርጋችሁ) ስሙት፤ በስልክ ስፒከርም ስሙት። የምትሠሩት ሥራ የሚሰማው ባጃጅ ውስጥ ነው።

የራሳችሁን ቦታ መቅዳት

እኔ በጣም የምወደው ክፍል ይሄ ነው። ኮንቮሉሽን ፕለጊን ካላችሁ ኢምፐልሱን ራሳችሁ መሥራት ትችላላችሁ። የአውሮፓ ካቴድራል ለምን ተበድረን እንኖራለን? ኮምቦልቻ ባዶ መጋዘን አለ፤ ቆርቆሮው ረጅምና ብረታማ ጭራ ይሰጣል። ግንባታ ላይ ያለ ፎቅ ደረጃ ሲሚንቶው ገና ቀለም ሳይነካው ድንቅ ነው። የትምህርት ቤት አዳራሽ አለ። ደሴ ላይ ደግሞ የንጉሥ ሚካኤል አይጠየፍ አዳራሽ አለ። ስንት ግብር የተበላበትን ቤት ድምፅ ዘፈን ላይ መስማትን አስቡት። እንዲህ ያለ ቅርስ ውስጥ ለመቅዳት ግን የሚመለከተውን ቢሮ በጽሑፍ ማስፈቀድ ግድ ነው።

ጦሳ አፋፍ ላይ ወጥታችሁ ጮክ ብትሉ የምታገኙት ሌላ ነገር ነው። እሱ ገደል ማሚቶ ነው፤ ለዚያ ዲሌይ ፕለጊን ይበቃል። ድምፅ በሰከንድ ወደ 340 ሜትር ይጓዛል። ገደሉ 170 ሜትር ቢርቅ ድምፃችሁ ከአንድ ሰከንድ በኋላ ተመልሶ ይመጣል። ሪቨርብ ግን አንድ በአንድ የማይቆጠር የብዙ መመለስ ክምችት ነው፤ ለዚያ ግድግዳና ጣሪያ ይፈልጋል።

ቦታው ከተገኘ ጊዜውን ምረጡ። ክረምት ላይ አትሞክሩት፤ ቆርቆሮ ላይ ዝናብ ካለ አበቃ። ባጃጁም ድምፅ ማጉያውም ጸጥ የሚልበትን ሰዓት ጠብቁ። ጭራው እየሳሳ ሄዶ 60 ዴሲቤል እስኪወርድ መስማት አለባችሁ፤ ውጭ ጫጫታ ካለ ግማሹን ይሸፍነዋል። መጀመሪያ አንዴ አጨብጭቡና አዳምጡ። ጆሮ ላይ የሚንጣጣ ፈጣን ድምፅ ከመለሰ ፊት ለፊት የሚተያዩት ሁለት ግድግዳዎች ናቸው፤ ሰያፍ ሆናችሁ ቁሙ።

ቀላሉ ዘዴ ፊኛ ነው። ትልቅ ፊኛ፣ በደንብ የተነፋ። ትንሿ ፊኛ የታችኛው ድምፅ የላትም። መቅጃውን ሰሚው የሚቀመጥበት አካባቢ በስታንድ አቁሙ። ፊኛውን ዘፋኙ በሚቆምበት ቦታ፣ በደረት ከፍታ ያዙ። መቅጃውን 48 ኪሎ ኸርዝና 24 ቢት አድርጉት፤ ጌይኑን (ድምፅ የሚቀበልበትን መጠን) ከምታስቡት በላይ ዝቅ አድርጉ። የፍንዳታው ድምፅ መቅጃው ከሚችለው ልክ ካለፈ ፋይሉ ዋጋ የለውም። ጆሯችሁን ሸፍኑ፣ በመርፌ ውጉት፣ ከዚያ አትንቀሳቀሱ። ጫማ እንኳን አይንኳኳ። ረዳት ይዛችሁ ከሄዳችሁ እንዳይስቅ አስጠንቅቁት። ብዙ ፊኛ ይዛችሁ ሂዱ፤ ከመካከላቸው ንጹሑን ትመርጣላችሁ።

ጥራቱን ከፍ ማድረግ የፈለገ ሰው ስዊፕ ይጠቀማል። ጥሩ ስፒከር ከ20 እስከ 20 ሺህ ኸርዝ ቀስ እያለ የሚወጣ ፉጨት ይለቃል፤ ማይኩ ይቀዳል። ሩም ኢኪው ዊዛርድ የሚባለው ነጻ ሶፍትዌር ስዊፑን ራሱ ያጫውታል፣ ያሰላል፣ ኢምፐልሱን ዌቭ አድርጎ ያወጣላችኋል። መብራት ወይም ኢንቨርተር ይፈልጋል እንጂ ከፊኛው በብዙ ይሻላል።

ቤት ስትገቡ ፋይሉን ክፈቱ። ከፍንዳታው በፊት ያለውን ዝምታ እስከ ጫፉ ቁረጡ። ትንሽ ዝምታ ከቀረ ሪቨርቡ ሁሌ ዘግይቶ ይመጣል። ከኋላ ጭራው ከውጭ ጫጫታ ጋር የሚቀላቀልበትን ቦታ ፈልጉና ከዚያ በፊት ቀስ እያለ የሚጠፋ ፌድ አድርጉ። ዌቭ አድርጋችሁ አውጡት። ስሙን በደንብ ስጡት፤ ቦታው፣ የማይኩ ርቀት፣ ፊኛ ወይም ስዊፕ።

ሪፐር ላይ ሪያቨርብን ክፈቱ፤ አድ፣ ከዚያ ፋይል፣ ከዚያ ዌቩን ምረጡ። ኤፍኤል ላይ ዌቩን ጎትታችሁ ኮንቮልቨሩ ላይ ጣሉት። የፕሮጀክታችሁ ሳምፕል ሬት (ቅድም 48 ኪሎ ኸርዝ ያልነው) ከኢምፐልሱ ጋር አንድ መሆኑን እዩ፤ አንዳንድ ፕለጊን ልዩነቱን አያስተካክልም። እንዲህ ሲሆን ክፍሉ ከነበረበት ሰፍቶ ወይም ጠብቦ ይሰማል። ረጅም ኢምፐልስ ፕሮሰሰር ስለሚበላና ስለሚዘገይም ዘፋኙ እየቀዳ ሳለ ለሄድፎኑ በስሌት የሚሠራውን ስጡት። ኮንቮሉሽኑን ለሚክስ (ድምፆቹን ለምታዋህዱበት ጊዜ) አቆዩት።

ኢምፐልሶቹን በሙሉ አንድ ፎልደር ውስጥ አኑሩ፤ ከዚያ አታንቀሳቅሱት። ፕሮጀክቱ የሚያስታውሰው አድራሻውን ነው። ዴስክቶፕ ላይ የነበረውን ወደ ዲ ድራይቭ ብትወስዱት ከወር በኋላ የምትከፍቱት ዘፈን ሪቨርቡ ይደርቃል።

ፕሮጀክቱን ወደ ሌላ ስቱዲዮ ስትልኩም ይሄው ነው። ደሴ ቀድታችሁ ኮምቦልቻ ሚክስ የሚደረግ ከሆነ እዚያ ያለው ላፕቶፕ የእናንተን ፕለጊን ላይኖረው ይችላል። ስለዚህ ሦስት ነገር አብራችሁ ላኩ። ደረቁን የድምፅ ትራክ፣ ሪቨርቡን ለብቻው ወደ ዌቭ የወጣውን ትራክ፣ ኢምፐልስ ከተጠቀማችሁ ያንኑ ፋይል። ሁሉም ከዘፈኑ መጀመሪያ ከዜሮ ሰከንድ ይጀምሩ፤ ያኔ ተቀባዩ ደርድሮ ማጫወት ብቻ ነው የሚቀረው። በቴሌግራም ከላካችሁ በፋይል መልክ ላኩት፤ በድምፅ መልእክት አድርጋችሁ እንዳትቀዱት። ደግሞ ዚፕ አድርጉት።